ስም ያልተጠራበት ዘፈን

አስረሳሽ የቦኖ ውሃ አስቀጂ ናት። ቆቦ ውስጥ ከገበያው ቁልቁል ሲወርዱ ያለውን ቦኖ ጠዋት የምትከፍተው፣ ማታ የምትዘጋው እሷ ናት። እኔ ከፈለች እባላለሁ፤ ሽንኩርት እሸጣለሁ። ቤቴ ከቦኖው ፊት ለፊት ነው፤ ሁለታችንም በልጅነት ተድረን እዚህ ሰፈር ከገባን ጀምሮ ተለያይተን አናውቅም። ስለዚህ ስለ እሷ ከእኔ የበለጠ የሚያውቅ የለም። አለ የሚል ካለ ደግሞ ይምጣና ፊት ለፊት እንነጋገር።

ቦኖ የሚጠብቅ ሰው ከተማውን አብጠርጥሮ ያውቃል። አስረሳሽ ጀሪካን አይታ የማን ቤት እንደሆነ ትናገራለች፤ ክዳኑ በጨርቅ የተወተፈው የእገሌ፣ እጀታው በሽቦ የታሰረው የእገሊት። ከጀሪካኑ አልፋ ባለቤቱን ታውቃለች። ማን ወለደ፣ ማን ታመመ፣ የማን ልጅ ከሳውዲ ተመለሰ፣ የማንን ማሽላ ተምች በላው፣ ሁሉም ወረፋ ላይ ይወራል። ወሬ የማትወድ ብትሆን ኖሮ እስካሁን ጨርቋን ጥላ ነበር። ደግነቱ ትወዳለች፤ እኔም እወዳለሁ፤ ወሬ አልወድም የሚል ሰው ካጋጠማችሁ እሱን ጠርጥሩት።

ሌላው ሥራዋ ዘፈን ነው። ሥራ ስል ደመወዝ አለው ማለቴ አይደለም። ሠርግ ሲኖር ትጠራለች፣ ትሄዳለች፣ ታወጣለች፤ እኛ ተቀባዮቿ እንቀበላለን። ይህን ነገር የጀመረችው ልጅ ሆና ማማ ላይ ነው። አባቷ ማሽላ ሲያሽትለት ወፍ እንድትጠብቅ ማማ ላይ ያወጣታል። ወንጭፏን ይዛ ቀኑን ሙሉ እዚያ ትውላለች። ቀትር ላይ የቆቦ ፀሐይ እንቅልፍ ያመጣል፤ እንቅልፍ ከመጣ ደግሞ ወፉ እህሉን ይጨርሰዋል። ስለዚህ በየማሳው ማማ ላይ ያሉትን ልጆች እየዞረች በስማቸው ትጠራቸዋለች። ዝም ብላ አትጠራም፤ እያዜመች ነው። አንዱን በአባቱ በሬ ታሞግሰዋለች፣ አንዷን በፀጉሯ፣ አንዱን ትናንት ከጎሊና ወንዝ ባወጣት ጥጃ። ስሙ የተጠራ ልጅ ዓይኑን አሽቶ ይነሳና «አቤት!» ይላል። የማሽላውም ወፍ ይበራል።

ሠርግ ላይ የምታደርገውም ይህንኑ ነው። አንድ ሰው ትመርጥና ግጥሙን ታወርድለታለች፤ ደግነቱን፣ ጀግንነቱን፣ ቤተሰቡን። መጨረሻ ላይ ስሙን ትጠራለች። እኛ ተቀባዮቹ ስሙን ከአፏ ነጥቀን በጭብጨባ እንደጋግመዋለን። የተጠራው ሰው ይነሳና ትከሻውን ይሰብቃል፤ ክርስቲያንም ይሁን እስላም፣ ሽማግሌም ይሁን ሙሽራ። ስሙ ተጠርቶ የተቀመጠ ሰው እኛ ዘንድ ወይ ታሟል ወይ ተጣልቷል ማለት ነው።

ታዲያ ባለፈው ዓመት ጥር ላይ ጎብዬ ከተማ አንድ ሠርግ ነበር። ሙዚቃውን የያዘው ረዲ ነው፤ የሰፈራችን ልጅ፣ ኪቦርድ ተጫዋች። እናቱ ኡሙሃኒ፣ አላህ ይዘንላትና፣ በሕይወት ሳለች ከአስረሳሽ አጠገብ ተቀምጣ ሳታወራ ውሃ ቀድታ አታውቅም ነበር። ረዲ ድምፅ ማጉያውን ሰካክቶ ሊጀምር ሲል የሙሽራዋ ዘመዶች «ቆይ፣ መጀመሪያ አስረሳሽ ታውጣልን» አሉት። ቆየ። እሷ አወጣች፣ እኛ ተቀበልን፣ ሰው ተነሳ፣ አቧራው ጨሰ። አንዱ ሲቀመጥ ሌላው «እኔንስ?» ይላል። ረዲ ገመዱን ይዞ እንደቆመ ፀሐይዋ አዘቀዘቀች።

በመጨረሻ ተናዶ ለረዳቱ እንዲህ ሲል ሁለታችንም ሰማነው፦ «ሰው የሚወደው ዘፈኗን መሰለህ? ስሙን ነው! ስሙን ከዘፈኗ አውጣና እስቲ ማን እንደሚሰማት አያለሁ።»

እኔ ልሰድበው አፌን ከፍቼ ነበር። አስረሳሽ ክንዴን ያዘችኝ። እየጎተተችም ሚኒባስ ውስጥ ከተተችኝ። ከዚያ በኋላ በመጣው ሠርግ ሁሉ «ጉሮሮዬን አሞኛል» እያለች ቀረች። ጉሮሮዋ ደህና ነበር፤ ቦኖ ላይ ወረፋ የሚያበላሹ ሰዎችን ስትቆጣ ድምፅዋ ዋጃ ድረስ ይሰማል።

አንድ ቀን ከገበያ ስመለስ አጠገቧ አስቀምጣኝ፣ «ከፈለች፣ ረዲ እውነቱን ቢሆንስ?» አለችኝ።

«ረዲ ገና ትናንት ንፍጡን የጠረግሽለት ልጅ ነው። ምን ያውቃል?»

«እኔ እኮ ስም ሳልጠራ ዘፍኜ አላውቅም። ሰው ስሙን ሲሰማ ደስ ይለዋል። እኔ ስሙን ባልዘፍነው፣ ዝም ብዬ ብጠራው ራሱ ደስ ይለዋል። ታዲያ እስከዛሬ ዘፋኝ ነበርሁ ወይስ ስም ጠሪ?»

«ዘፋኝ ነሽ።»

«አንቺ ጎረቤቴ ነሽ። ጎረቤት አይፈርድም፤ ጎረቤት ያዝናል እንጂ።»

በዚህ መሃል ነው አንድ ባጃጅ ድምፅ ማጉያ ጭኖ በሰፈሩ የዞረው። የተሰጥኦ ውድድር ሊደረግ ነው፤ ዘፈን፣ ውዝዋዜ፣ ቀልድ፤ ዕድሜ አይገድብም፤ ዳኞች ከደሴ ይመጣሉ፤ አንደኛ የወጣ ደሴ ሄዶ ይወዳደራል። አስረሳሽ ቦኖውን ዘጋችና ባጃጁን አስቆመችው። ወረፋ የያዘው ሕዝብ ጮኸ። እሷ አልሰማችም።

ልትመዘገብ ስትሄድ አብሬያት ሄድሁ። የሚመዘግበው ወጣት ደንቡን አነበበልን። ዘፈኑ አጭር ይሁን፤ ተቀባይ ይዞ መውጣት አይቻልም፤ የዳኛም ሆነ የተመልካች ስም መጥራት ከውድድር ያሰርዛል። የመጨረሻውን ያወጡት ወደው አልነበረም። ሌላ ከተማ ላይ ተወዳዳሪው ሁሉ ዳኞቹን በስም ሲያሞግስ፣ ዳኞቹ ወንበራቸውን ትተው ሲጨፍሩ፣ ነጥብ የሰጠም የያዘም ሳይኖር መሽቶ ኖሯል። እኔ ይህን ስሰማ «በይ እንመለስ» ብዬ ነጠላዋን ጎተትሁ። ያለ ተቀባይ፣ ያለ ስም! ዓሣን ከውሃ አውጥቶ ዋኝ እንደማለት ነው።

እሷ ግን ፊቷ በራ። «ይኸው ራሱ መጣልኝ» አለች። «የማያውቁኝ ሰዎች፣ ስማቸውን ሳልጠራላቸው ይፍረዱኝ። ዘፈን ነው ካሉ ዘፈን ነው። አይደለም ካሉም ቁርጤን አውቄ ቦኖዬን እጠብቃለሁ።»

ስለ ዝናብ አንድ ዘፈን አወጣች። ስለ ክረምት፣ ስለ ደመና፣ ስለ ማሽላ አገዳ። ጠዋት ጠዋት ቦኖው ሳይከፈት ታሰማኝ ነበር። እውነቱን ልናገር፣ ጨው የሌለው ወጥ ነበር። ድምፁ አለ፣ ግጥሙ አለ፣ ግን ማን ይብላው? ዘፈኑ የሚሄድበት ሰው አጥቶ ደጅ ላይ የቆመ ይመስላል። «እንዴት ነው?» ስትለኝ «ግሩም ነው» አልኋት። ጎረቤት አይፈርድም ያለችው ለካ እውነቷን ነው።

የውድድሩ ቀን ጠዋት ከባሌ ከበላቸው ጋር ተጣላን። «እናንተ በዚህ ዕድሜያችሁ መቁጠሪያ እንጂ መድረክ ምን ያደርግላችኋል?» አለ። እኔም ያለኝን ሁሉ አልሁት፤ እዚህ የሚጻፍ አይደለም። ኩርፊያችንን ይዘን ሁለታችንም ወደ አዳራሹ ሄድን። እኔ ፊት ተቀመጥሁ፣ እሱ ከኋላ በሩ አጠገብ።

አዳራሹ ጢም ብሏል። ሙቀቱ አይጣል ነው። መድረኩ ጥግ ላይ ኪቦርዱን የተከለው ማን ቢሆን ጥሩ ነው? ረዲ! ለተወዳዳሪዎቹ ሁሉ እንዲያጅብ ቀጥረውታል። አስረሳሽ ስታየው ነጠላዋን አስተካከለች።

ዳኞቹ ሦስት ናቸው። መሃል ላይ ስሜነህ የሚባል፣ ከደሴ የመጣ የሙዚቃ አስተማሪ ተቀምጧል፤ ሲያዳምጥ ዓይኑን ስለሚጨፍን አጠገቤ ያለችው ሴትዮ «ተኛ እንዴ?» እያለች ታስቀኛለች። በግራው ሔራን የምትባል ወጣት፣ ውዝዋዜ አሠልጣኝ ናት። በቀኙ የእኛው አቶ እሸቴ። ጡረታ የወጡ የግብርና ሠራተኛ ናቸው፤ አገር ሽማግሌ ይኑርበት ተብሎ ነው የተቀመጡት። በዚያ ሙቀት ኮት ደርበው፣ ዳኛ ለመምሰል ግንባራቸውን ቋጥረው ላባቸው ይንቆረቆራል።

የዋጃው ልጅ ዘካሪያስ ዱላውን ይዞ ወጣ። እንዴት ያለ ዝላይ ነው እናንተዬ! ወለሉን ሲመታ የእኛ ወንበር ይነቃነቃል። ሔራን «እግርህ ልዩ ነው፣ ፊትህ ግን ሰው የተጣላ ይመስላል፤ ትንሽ ፈገግ በል» አለችው። «እሺ» አለና ፊቱን እንደቋጠረ ወረደ። ቀጥሎ አንዲት ተማሪ ዘፈነች። ስሜነህ ዓይኑን ገልጦ «ከቃናው ወጥተሻል። ገና ብዙ መለማመድ አለብሽ» አላት። ልጅቱ እያለቀሰች ወረደች።

አስረሳሽ ተራዋን እየጠበቀች አጠገቤ ነበረች። «ለምን ታለቅሳለች? እውነቱን ነው እኮ የነገራት» አለችኝ በሹክሹክታ። ድምፅዋ ቅናት ነበረበት። በሕይወቷ ሙሉ እንዲህ አድርጎ የነገራት ሰው የለም። «አብሽሪ፣ አይዞሽ» አልኋት።

ስሟ ተጠራ። ጥልፍ ቀሚሷን ለብሳ መድረኩ ላይ ስትወጣ ግማሹ አዳራሽ ጀሪካኑን ያስቀዳበት ቀን ትዝ ብሎት አጨበጨበ። ስሜነህ «እማማ፣ ራስዎን ያስተዋውቁን» አላት።

«አስረሳሽ እባላለሁ። ቦኖ አስቀዳለሁ። እማማም አይደለሁም።»

ሰው ሳቀ። ረዲ ከኪቦርዱ ኋላ ቀና ሳይል «በምን ልጀምርልሽ፣ እትዬ?» አላት። «እንደፈለግህ» አለችው።

የዝናቡን ዘፈን ጀመረች። ወይ ጣጣ! ቦኖው ላይ ጨው ያጣው ወጥ መድረክ ላይ ጭራሽ ቀዘቀዘ። ድምፅዋ ይወጣል፣ ይወጣና የሚያርፍበት አያገኝም። ዓይኗ ጣሪያ ጣሪያ ያያል። ሔራን እስክሪብቶዋን ማሽከርከር ጀመረች። አቶ እሸቴ ላባቸውን ጠረጉ። ስሜነህ ዓይኑን ገልጦ ወረቀቱን አየ። ተነስቼ «ይቺ እኮ እንዲህ አይደለችም! ሠርግ ላይ ብታዩዋት!» ብዬ መጮኽ አማረኝ።

አስረሳሽም ገብቷታል። መሃል ላይ አቆመች። ረዲ ሳይገባው ትንሽ ብቻውን ተጫወተና እሱም አቆመ። እሷ መሬት መሬት እያየች ቆመች። ከዚያ እጆቿ ራሳቸው ማጨብጨብ ጀመሩ፤ ሠርግ ቤት የምታጨበጭበውን። ሃያ፣ ሠላሳ ዓመት የለመደ እጅ ማንን ይጠይቃል? አፏም እጇን ተከተለ።

«ጎሊና ሞልቶበት መሻገሪያ ሲያጣ፣
እጁን ለሰው ሰጥቶ ከጎርፍ የሚያወጣ፣
ማሽላው እንኳን ሳይደርስ እንግዳ ቢመጣ፣
ያለውን አቅርቦ ፊቱ የማይቆጣ፣
ልጥራላችሁ ስሙን፣ ከማን እንደወጣ፦»

እዚህ ላይ ስሙ ነው። ስሙ ምላሷ ላይ ደርሷል፤ አፏ ተከፍቷል። ያኔ ደንቡ ትዝ አላት። አፏን እንደከፈተች ቀረች።

እኔ የምለው፣ ተቀባይ የሆነ ሰው ብቻ ነው ይህ ምን ማለት እንደሆነ የሚያውቀው። ግጥሙ ወርዶ፣ ጭብጨባው ደርሶ፣ ስሙን ለመንጠቅ አፍህን ከፍተህ ሳለ ስሙ ሲቀር! ጀሪካኑን ከቧንቧው ሥር ደቅነህ ውሃው እንደሚቋረጥብህ ነው። አዳራሹ ውስጥ ያለው ሕዝብ በሙሉ ደግሞ ራያ ነው፤ ተቀባይ ያልሆነ የለም። አፉን የከፈተ ሕዝብ አፉን እንዲሁ አይዘጋም። ከኋላ አንድ ሽማግሌ በጎርናና ድምፅ «ታረቀኝ!» አሉ፤ የሞተ ወንድማቸው ነው። ጥግ ላይ አንዲት ሴት የአባቷን ስም ጠራች። ከዚያ ማን ይያዘው! ከዚህ «እናቴ!»፣ ከዚያ የአጎት፣ የባል፣ የልጅ ስም። ሁሉም ጎርፍ ያሻገረውን፣ እንግዳ ሆኖ ሲመጣ ያበላውን ሰው ጠራ። እኔም ጮህሁ። ማን ብዬ እንደጮህሁ የገባኝ ከጮህሁ በኋላ ነው፤ «በላቸው!» ብዬ ነው። ጠዋት የሰደብሁትን ሰውዬ!

ስሜነህ ወንበሩን ወደ ኋላ ገፍቶ ተነስቶ ነበር። «ትርንጎ!» ብሎ ጠራ፤ እናቱ ናት። ሔራን የያዘችው ማይክራፎን ክፍት መሆኑን ረስታ ቀስ ብላ «ፍሬሰላም» ስትል አዳራሹ በሙሉ ሰማት፤ ማን እንደሆነች እስከ ዛሬ አላወቅንም። አቶ እሸቴማ ሁለት እጃቸውን አንስተው «ጌጤ! ጌጤ!» አሉ። የሚስታቸው ስም ጌጤ አይደለም። ሚስታቸው ደግሞ ሁለተኛው ረድፍ ላይ ናቸው። ኋላ ላይ ያሳደገቻቸው ታላቅ እህታቸው መሆኗን እስኪያስረዱ ድረስ ቆቦ በሳቅ ፈርሳ ነበር።

እኔ ግን ያየሁት ረዲን ነው። እጆቹን ከኪቦርዱ ላይ አንስቷል። «እማ» አለ መጀመሪያ፣ ለራሱ። ቀጥሎ ጮክ ብሎ «ኡሙሃኒ!» አለ፤ ጉንጩ ላይ እንባው ወረደ። ለመጥረግ እንኳ አልሞከረም።

አስረሳሽ አፏን ይዛ ሕዝቡን ታያለች። አጥፍታ እንደሆነ ፈርታለች፤ ሕዝቡ ሲረግጥና ሲያጨበጭብ ግን እሷም ጭብጨባውን ቀጠለች። ሁለተኛውን ግጥም አወረደች፤ ስሙ ጋ ስትደርስ አሁን አውቃ ዝም አለች፤ እኛም ሞላንላት። ድምፅዋ የሚያርፍበት አግኝቷል። ደስ አላት፤ ፊቷ ላይ ይታያል። ሦስተኛውን አወረደችና በቃኝ ብላ እጇን ሰበሰበች።

መድረክ መሪው ማይክራፎኑን ይዞ ግራ ገባው። «ደንቡ ላይ እንግዲህ… ስም መጥራት…» አለ።

«እሷ ማንንም አልጠራችም» አለ ስሜነህ፤ ገና አልተቀመጠም። «የጠራነው እኛ ነን። የሚሰረዝ ካለ ዳኞቹ እንሰረዝ።» አቶ እሸቴ ኮታቸውን አውልቀው «እኔን መጀመሪያ ሰርዙኝ» አሉ።

ሳቁ ጋብ ሲል አስረሳሽ በመውረድ ፋንታ ወደ ዳኞቹ ጠረጴዛ ቀረበች። «ልጄ» አለችው ስሜነህን፣ «አታባብለኝ። ለዛች ለተማሪዋ እንደነገርሃት ንገረኝ። ድምፅ አለኝ ወይስ የለኝም?»

ስሜነህ ተቀመጠ። ወረቀቱን አየ። «የመጀመሪያው ዘፈን አልጣመኝም» አለ። «ድምፅዎ ከፍ ሲል ይሰበራል። ከኪቦርዱ ቃናም እየወጡ ነበር።»

እኔ ጥርሴን ነከስሁ። እሷ ራሷን ነቀነቀች፣ «ቀጥል» እንደማለት።

«ሁለተኛውን ግን እንዴት እንደምናገር አላውቅም። እዚህ የመጣሁት ለመዳኘት ነው። ተነስቼ የእናቴን ስም ጠራሁ። ማን አስነሳኝ? ስሜን አልጠሩኝ፣ አያውቁኝ። ድምፅ ከሌለዎት ታዲያ ያስነሳኝ ምንድን ነው?»

«እግዜር ይስጥልኝ» አለች።  ወርዳ አጠገቤ ተቀመጠች።

ሁለተኛ ወጣች። አንደኛ የወጣው ያ ፊቱን የማይፈታው የዋጃው ዘካሪያስ ነው፤ ስሙ ሲጠራ እንኳን አልሳቀም። ደሴ የሚሄደው እሱ ነው። እኔ ተንጨረጨርሁ። ሕዝብ ያስነሳች ሴት፣ ዳኛ ያስጮኸች ሴት፣ በአንድ ዝላይ ትበለጥ? «አይገባም! አቤቱታ እናቅርብ!» እያልሁ ደረጃውን ስወርድ አስረሳሽ ሳቀችብኝ። «ልጁ ዘሏል እኮ፤ አላየሽውም? እኔማ ግማሹን ቀዝቅዤ ነው የጨረስሁት» አለች።

በሩ ላይ በላቸው ግድግዳ ተደግፎ ቆሞ ነበር። ጥርስ በጥርስ ሆኗል። «ጠራሽኝ እንዴ?» አለኝ።

«ቆቦ ውስጥ ያለኸው በላቸው አንተ ብቻ ነህ?» አልሁት።

«ይሁና» አለና የያዝሁትን ነጠላ ተቀብሎኝ ባጃጅ ሊፈልግልን ሄደ። ኩርፊያው በዚያው አለቀ። ይሄ ሰው ደግ መሆኑን አልካድሁም፤ አፉ ነው ችግሩ።

ባጃጁን ስንጠብቅ ረዲ ኪቦርዱን ቦርሳው ውስጥ ከትቶ፣ አንግቦ ከአዳራሹ ወጣ። እኛን ሲያይ ሊያልፍ ፈለገ፤ እግሩ ግን እምቢ አለው። መጥቶ አስረሳሽ ፊት አንገቱን ደፍቶ ቆመ። ዓይኑ ገና እንደቀላ ነው።  

«እትዬ» አለ፣ «አንድ ነገር ልጠይቅሽ። መጀመሪያ ያወረድሽው ግጥም የማን ነበር? አፍሽ ላይ የቀረው ስም።»

አስረሳሽ ገርሟት አየችው። «ያንተ ነዋ» አለች።

«የእኔ?»

«ሠርግ ቤት የመጀመሪያው ግጥም ለመቺው፣ ሙዚቃውን ለሚጫወተው፣ አይደለም እንዴ? መቺውን ሳላሞግስ ዘፈን ጀምሬ አላውቅም። ደግሞ አምና ክረምት ጎሊና ሞልቶ ሚኒባሱ መሃል ላይ የቆመ ጊዜ አሮጊቶቹን በጀርባህ ያሻገርህ አንተ አይደለህም? ለማንም አላወራህም፤ ቦኖ ላይ ግን ተወርቷል።»

ረዲ ኪቦርዱን ከትከሻው አውርዶ መሬት ላይ አቆመው። ጎብዬ ላይ የተናገረውን እንደሰማነው ያወቀው አሁን ይሁን፣ ያኔም ያውቅ ይሁን፣ አልነገረንም። አንገቱን ቀና አድርጎ፣

«እኔ ግን ስሜን አልሰማሁም» አለ። «ወላሂ፣ እትዬ፣ ስሜን ሳልሰማ ነው እናቴ የመጣችብኝ። ዘፈኑ ነው።»

አስረሳሽ እጇን ዘርግታ ጉንጩን ነካችው። ከዚያ ወደ እኔ ዞረች።

«ሰማሽ፣ ከፈለች?»

«ሰማሁ» አልኋት።

«ፍርዱ እንግዲህ ይሄ ነው። በሉ እንሂድ፤ ቦኖው ተዘግቶ ሰው ውሃ አጥቶ ይጠብቀኛል።»